የቀንበጥ፣ የታመቀ ወይስ የከሰል እርሳስ? የሥዕል ከሰል አመራረጥ

የሥዕል ከሰል ሊገዛ የተነሣ ሰው ብዙውን ጊዜ የሚጠይቀው የትኛው ይበልጥ እንደሚጠቁር ነው። ጥቁረት ግን ሁለተኛ ጥያቄ ነው። አስቀድሞ መታወቅ ያለበት ከሰሉ ወረቀቱን ምን ያህል አጥብቆ እንደሚይዝ፣ ሲፈለግስ ምን ያህል በቀላሉ እንደሚለቅ ነው። ለሥዕል የሚሸጡት ከሰሎች በዋናነት የሚለያዩት በዚህ ነው። በቀላሉ የሚለቀው እስከ ድቅድቅ ጥቁር አይደርስም፤ ድቅድቅ ጥቁር የሚሆነው ደግሞ አንዴ ከሰፈረ ጨርሶ አይነሣም። ሁለቱንም ባንድ ላይ የሚሰጥ ከሰል የለም። ስለዚህ ወደ ሱቅ ከመሄድ በፊት ሥራውን ማየት ይገባል፦ መስመሩን ገና እየፈለጉ ነው ወይስ ያገኙትን ማጽናት ነው የሚፈልጉት?

ከሰል ለምን ተመረጠ

በደቡብ ፈረንሳይ በሾቬ ዋሻ ግድግዳ ላይ ካሉት የከሰል ፈረሶች፣ አንበሶችና አውራሪሶች መካከል ከ30,000 ዓመት በላይ ያስቆጠሩ አሉ። ዋሻው የተገኘው እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 1994 ሲሆን ሥዕሎቹ የተሠሩበት ከሰል የጥድ እንጨት ነው። ሠዓሊዎቹ አንዳንዱን ቦታ መጀመሪያ ፍቀው ነጣ ያለውን ድንጋይ አወጡ፤ በላዩ መስመር አሠመሩ፤ ከዚያም በእጃቸው አሽተው ጥላ ሰጡት። ማሥመር፣ ማሸትና ነጩን ማውጣት ዛሬም የከሰል ሥራ መሠረቶች ናቸው።

በጣሊያን ሠዓሊዎች ዘንድ ከሰል የተወደደው ስለሚጠፋ ነው። እ.ኤ.አ. በ1400 አካባቢ ቼኒኖ ቼኒኒ ለሙያው ተማሪዎች ባዘጋጀው መመሪያ የአኻያ ቀንበጥ እንዴት እንደሚከሰል አስቀምጧል፦ እንጨቱ ተሰንጥቆና ተጠርቦ በቀጭን ሽቦ ይታሰራል፤ አዲስ የሸክላ ድስት ውስጥ ገብቶ ክዳኑ በጭቃ ይመረጋል፤ ማታ ዳቦ ጋጋሪው ሥራውን ሲጨርስ ምድጃው ውስጥ ገብቶ ያድራል። በዚህ ከሰል ንድፉ ይወጣል፣ ይታረማል፣ እንደገና ይወጣል። ትክክለኛው መስመር ሲገኝ በሌላ መሣሪያ ይጸናል፤ ከሰሉም በላባ ተጠርጎ ይወገዳል። ከዚያ ዘመን የተረፉ የከሰል ሥራዎች ጥቂት የሆኑበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው፤ እንዲቀር ታስቦ የሚሣል አልነበረም።

ከተረፉት አንዱ ጀርመናዊው ሠዓሊ አልብሬክት ዱረር እ.ኤ.አ. በ1514፣ እናቱ ከመሞቷ ሁለት ወር ያህል ቀደም ብሎ፣ የሣላት ምስል ነው። አሁን በርሊን ይገኛል። የግንባሯ መጨማደድና የአንገቷ ጅማት በከሰል ብቻ የወጡ ናቸው፤ መስመር ብቻውን የት ድረስ እንደሚሄድ ማየት የሚፈልግ ተማሪ ከዚህ የተሻለ መምህር አያገኝም። ሊዮናርዶ ዳ ቪንቺ ድንግል ማርያምን፣ ሕፃኑን ኢየሱስን፣ ቅድስት ሐናንና መጥምቁ ዮሐንስን የሣለበት፣ ለንደን በናሽናል ጋለሪ ያለው ትልቅ ንድፍ ደግሞ ሌላውን መንገድ ያሳያል። ስምንት ወረቀቶች ተጣብቀው በከሰልና በነጭ ጠመኔ የተሠራ ነው፤ ፊቶቹ ላይ መስመር የሚባል የለም ማለት ይቻላል፤ ቅርጹን የሚሰጠው ቀስ በቀስ የሚደምቀውና የሚደበዝዘው ጥላ ነው።

የመልቀቁ ነገር ያስቸገራቸውም ነበሩ። በ16ኛው ክፍለ ዘመን በቬኒስ ቲንቶሬቶና ሌሎችም ከሰሉን በተልባ ዘይት ነክረው ይሥሉበት ነበር። መስመሩ ይጠቁራል፣ በእጅ ቢነካም አይሸሽም። ዘይቱ ግን ወደ ወረቀቱ ይሰርግና ዓመታት ሲያልፉ በመስመሩ ዙሪያ ቢጫ ወይም ቡናማ ጥላ ይተዋል፤ ዛሬ የሚሞክረው ሰውም ይህን አውቆ ይግባበት።

ከሰል ራሱን የቻለ የመጨረሻ ሥራ ሆኖ የተስፋፋው በ19ኛው ክፍለ ዘመን፣ አስተማማኝ ማጽኛ ፈሳሽ በቀላሉ መገኘት ሲጀምር ነው። ፈረንሳዊው ሠዓሊ ኦዲሎን ረዶን ራሱ «ጥቁሮቼ» ይላቸው የነበሩትን ሥዕሎች በከሰል የሠራው በዚህ ዘመን ነው። ደቡብ አፍሪካዊው ዊልያም ኬንትሪጅ ደግሞ እ.ኤ.አ. ከ1989 ጀምሮ የመልቀቁን ጠባይ ወደ ፊልም ወስዶታል፤ አንዱን ወረቀት ይሥልበታል፣ በካሜራ ይቀርጸዋል፣ ከፊሉን አጥፍቶ እንደገና ይሥላል፤ የጠፋው መስመር የሚተወው ደብዛ የታሪኩ አካል ይሆናል። ከሰል ሙሉ በሙሉ እንደማይጠፋ የሚያውቅ ሠዓሊ ብቻ እንዲህ ይሠራል።

የቀንበጥ ከሰል

ከአኻያ ወይም ከወይን ቀንበጥ አየር በማይገባበት ዕቃ ውስጥ የተከሰለ ነው። ማያያዣ የለውም፤ እንጨቱ ራሱ ነው። ዱቄቱ ወረቀቱ ላይ ያርፋል እንጂ አይጣበቅም፤ ስለዚህ በጨርቅ አንድ ጊዜ ሲመታ ከግማሽ በላይ ይሄዳል። አብዛኛውን ጊዜ 15 ሴንቲ ሜትር ያህል ርዝመት ኖሮት፣ ከ3 እስከ 12 ሚሊ ሜትር ውፍረት ባላቸው ዓይነቶች ይሸጣል። አንድ ብቻ የሚገዛ ሰው ከ5 እስከ 6 ሚሊ ሜትር ያለውን ይውሰድ፤ ቀጭኑ በጀማሪ እጅ ቶሎ ይሰበራል፣ ወፍራሙ ለትልቅ ወረቀት ካልሆነ አይመችም።

የአኻያው ለስለስ ይላል፣ ጥቁረቱም ይሻላል። የወይኑ ግራጫ ይሆናል፣ መስመሩም ሳሳ ያለ ነው። ለፊት ገጽታ ንድፍ ወይኑ ይመረጣል፤ ጥላን በሰፊው ለመጣል አኻያው። ልዩነቱ ግን የሚሰማው ሁለቱ በደንብ ከተከሰሉ ነው። በደንብ ያልተከሰለ ቀንበጥ ሲሰበር መሐሉ ቡናማ ነው፤ ወረቀቱን ይቧጭራል፣ የተቧጨረው ቦታም ቀለም አይዝም። ከመጠን በላይ የነደደው ደግሞ በጣት ሲያዝ ይደቅቃል። ጥሩው ከጥሩው ጋር ሲጋጭ ጥርት ያለ፣ ብረት ነክ ድምፅ ያሰማል። አንጓ ያለበትን እንጨት ከቻሉ ይተዉት፤ አንጓው ሁልጊዜ ይቧጭራል።

ከቀንበጥ ከሰል መካከል በልዩ ሁኔታ ጠንከር ተደርጎ የሚዘጋጅ አለ፤ ናይትራም የተባለው አምራች ስም የታወቀበት ይህ ነው። በጥንካሬ ደረጃ ተለይቶ ይሸጣል፤ በብርጭቆ ወረቀት ሲሞረድ እንደ መርፌ ይሾላል። ከእውነተኛ አምሳያ ፊት ቆመው ሳምንታት የሚፈጅ ትክክለኛ ንድፍ ለሚሠሩ ከዚህ የሚሻል የለም። ዋጋው ከተራው የቀንበጥ ከሰል በብዙ ይበልጣል፤ ለአሥር ደቂቃ ንድፍ መግዛቱ ትርፍ ወጪ ነው።

የዚህ ከሰል ድክመት የጥቁረቱ ወሰን ነው። አንድ ሰው ይበልጥ እንዲጠቁር ብሎ ሲጫን የሚሆነው ሁለት ነገር ነው፦ ወይ ቀንበጡ ይሰበራል፣ ወይ የወረቀቱ ሸካራነት ይደፈጠጣል። የተደፈጠጠ ወረቀት ከዚያ በኋላ ምንም ቢቀባበት አይዝም። ከዚህ ወሰን ማለፍ ሲያስፈልግ መጫን ሳይሆን ከሰል መቀየር ነው።

በቤት የሚከሰል

የቀንበጥ ከሰል ከሁሉም ዓይነቶች በእጅ ሊሠራ የሚችለው ብቸኛው ነው። አኻያ በሀገራችን በወንዝ ዳር የሚበቅል ዛፍ ስለሆነ ለብዙ ሰው ሩቅ አይደለም፤ ከወይን ተክል ሲገረዝ የሚወድቀው ቀንበጥም ይሆናል።

የጣት ግማሽ ውፍረት ያላቸውን ቀጥ ያሉ ቀንበጦች ይምረጡ፤ ልጣጩን ይላጡ፤ ከቆርቆሮው ቁመት በትንሹ አሳንሰው ይቁረጡና ጥላ ውስጥ በደንብ እስኪደርቁ ይተዉአቸው። እርጥብ እንጨት ሲከሰል ይሰነጠቃል፣ ይጣመማል። ጥብቅ ክዳን ያለው የቆርቆሮ ጣሳ ይውሰዱ፤ ክዳኑን 3 ሚሊ ሜትር በሚሆን ሚስማር አንድ ቦታ ይብሱት። ቀንበጦቹን አቁመው እስኪጠባበቁ ድረስ ይሙሉት፤ ባዶ ቦታ ከቀረ አየሩ ከፊሉን ያነደዋል፣ እንጨቱም ሲሸበሸብ ይጎብጣል። ጣሳውን ከቤት ውጭ እሳት ላይ ያኑሩ። መጀመሪያ ከቀዳዳው ነጭ እንፋሎት ይወጣል፤ ቀጥሎ ቢጫ ያዘለ ወፍራም ጭስ ይመጣል፤ ይህ ጭስ እሳት ቢያገኝ ይነዳል። ጭሱ ሲቆም ከሰሉ ደርሷል፤ በቀጭን ቀንበጥና በመካከለኛ እሳት ከአንድ ሰዓት ብዙም አይርቅም። ከዚያ ጣሳውን አውጥተው ቀዳዳውን በጭቃ ይድፈኑና ሙሉ በሙሉ እስኪቀዘቅዝ ይተዉት፤ ማሳደሩ ይበጃል። በትኩሱ የተከፈተ ጣሳ ውስጥ አየር ሲገባ ከሰሉ እንደገና ይቀጣጠላል፤ የሚቀረው አመድ ነው።

ይህ ሥራ በዝግ ቤት ውስጥ ፈጽሞ አይሠራም። የከሰል ጭስ የሚገድልበትን ምክንያት የማያውቅ ቤተሰብ እኛ ዘንድ የለም።

ለምግብ ማብሰያ የሚሸጠው የግራርና የባሕር ዛፍ ከሰልስ? ለመስመር አይሆንም። ከወፍራም ግንድ ስለሚሠራ ጠንካራ ነው፤ አንዱ ቁራጭ ውስጥ በደንብ የከሰለና ያልከሰለ ክፍል አብሮ ይገኛል፤ አፈር ውስጥ ስለሚከሰልም አሸዋ ይዞ ይመጣል። ተወቅጦና በስስ ጨርቅ ተነፍቶ ግን ለዱቄት ሥራ ያገለግላል።

የታመቀ ከሰል

የከሰል ዱቄት ከማያያዣ ጋር ተለውሶ፣ ተጨፍልቆ የሚሠራ ነው። ማያያዣው ሙጫ፣ ሰም ወይም ሸክላ አፈር ሊሆን ይችላል። ማያያዣው ሲበዛ ከሰሉ ይጠነክራል፣ ይገረጣል፤ ሲያንስ ይለሰልሳል፣ ይጠቁራል። ከኤችቢ (ጠንካራውና ገርጣው) እስከ 6ቢ (ለስላሳውና ጥቁሩ) ባለው ምልክት ከሚሸጠው ውስጥ 2ቢና 6ቢ ከተያዙ መሐሉን የሚሞላው እጅ ነው።

ጥቅሙ ጥቁረቱ ነው። የቀንበጥ ከሰል በጣም ጥቁር ብሎ የሚያቆምበት ቦታ የታመቀው መካከለኛ ግራጫ ብሎ የሚጀምርበት ነው። የሌሊት ሥዕል፣ ጥቁር ልብስ፣ ጥቁር ፀጉር፣ ከመስኮት ብርሃን ጀርባ የቆመ ሰው ያለዚህ አይወጣም። ጠቆር ያለ ቆዳ ሲሣልም ሁለቱ ከሰሎች አብረው ያስፈልጋሉ፦ የቆዳው ጥላ በቀንበጥ ከሰል ብቻ ከተሠራ ግራጫና አቧራማ ይመስላል፤ የታመቀው ከፀጉር ሥር፣ ከአገጭ በታችና ከአፍንጫ ቀዳዳ ሲገባ ግን ቀሪው ጥላ በንጽጽር ሙቀት ያገኛል።

ጉዳቱ መቅረቱ ነው። ማያያዣው ዱቄቱን ወደ ወረቀቱ ክሮች ያስገባዋል፤ ምንም ዓይነት ላጲስ ቢታሽበት ጥቁሩ ይገረጣል እንጂ አይነሣም። በታመቀ ከሰል ንድፍ መጀመር የጀማሪዎች ትልቁ ጥፋት የሆነው ለዚህ ነው። አፍንጫው አንድ ሴንቲ ሜትር ዝቅ ማለቱ ሲታወቅ ማንሻ የለም። ቅደም ተከተሉ የተወሰነ ነው፦ ቀንበጡ አስቀድሞ፣ የታመቀው በመጨረሻ፣ ያውም ጥቁር መሆኑ በተረጋገጠበት ቦታ ብቻ። ተገልብጦ ቢሠራ የቀንበጥ ከሰል በታመቀው ላይ ይንሸራተታል።

«ነጭ ከሰል» ተብሎ የሚሸጠው ከሰል አይደለም፤ ነጭ ማዕድን በማያያዣ የታመቀ ነው። ግራጫ ወይም ቡናማ ወረቀት ላይ ብርሃን ለመስጠት ያገለግላል። ከጥቁሩ ጋር ግን አይታሽም፤ ሁለቱ ሲቀላቀሉ ቀዝቃዛ፣ ወደ ሰማያዊ የሚያደላ አመድማ ቀለም ይሆናሉ፣ ፊትም ከሆነ በድን ይመስላል። ጥቁሩ በሚያልቅበትና ነጩ በሚጀምርበት መካከል ባዶ ወረቀት ይተዉ፤ መካከለኛውን ድምቀት የሚሰጠው ወረቀቱ ራሱ ነው።

የከሰል እርሳስ

የታመቀ ከሰል በእንጨት ወይም በሚላጥ የወረቀት ጥቅል ተሸፍኖ ሲሸጥ ነው። እጅ አያቆሽሽም፣ ሽፋሽፍትና የከንፈር ጠርዝ ለመሰለ ጥቃቅን ነገር ይመቻል። የለመዱት ነገር ስለሚመስል ጀማሪ መጀመሪያ የሚያነሣው እሱን ነው፤ በዚህ ምክንያትም የከሰልን ዋና ጸጋ፣ ሰፊ ጥላ በአንድ እጅ ምት መጣልን፣ ሳያውቅ ይቀራል። 50 በ70 ሴንቲ ሜትር ወረቀት በእርሳስ ጫፍ መሙላት ድካሙ ብዙ፣ ውጤቱም የተጨረጨረ ነው። የከሰል እርሳስ የማጠናቀቂያ መሣሪያ ነው።

በተራ መቅረጫ ሲቀረጽ ውስጡ ይሰበራል። በምላጭ ወይም በስለታም ቢላ እንጨቱን እየላጡ ከ2 እስከ 3 ሴንቲ ሜትር ከሰል ያውጡ፤ ከዚያ እርሳሱን እያዞሩ ብርጭቆ ወረቀት ላይ ያሹሉት። ወለል ላይ የወደቀ እርሳስ ውጪው ደኅና ቢመስልም ውስጡ ብዙ ቦታ ይሰበራል፤ በተቀረጸ ቁጥር ጫፉ የሚወድቅ ከሆነ ምክንያቱ አብዛኛውን ጊዜ ይኸው ነው።

ዱቄትና ኮንቴ

የከሰል ዱቄት ወረቀቱን በሙሉ ግራጫ አድርጎ፣ ብርሃኑን በላጲስ እያወጡ ለመሥራት ነው። ለስላሳ ጨርቅ ላይ የሻይ ማንኪያ ሩብ ያህል አድርገው በክብ እንቅስቃሴ ያሹት፤ ለ50 በ70 ወረቀት ከዚህ ብዙም አይበልጥም። ከቀንበጥ ከሰል የተፈጨ መሆኑን ያረጋግጡ፤ ከታመቀው የተገኘ ዱቄት ብርሃን አያስወጣም። በአፍ አይነፋ፤ ትርፉ ወረቀቱ ቆሞ ከጀርባው መታ መታ ሲደረግ ይረግፋል። ማስክ ማድረግ ይገባል።

ኮንቴ ደግሞ ከከሰል ጋር አንድ መደርደሪያ ላይ ስለሚቀመጥ ይምታታል። ፈረንሳዊው ኒኮላ ዣክ ኮንቴ እ.ኤ.አ. በ1795 ግራፋይትን፣ ማለትም የተራ እርሳስን ጥቁር ማዕድን፣ ከሸክላ አፈር ጋር አዋህዶ ካስገኘው ዘዴ የመጣ ነው፤ ከከሰል ይበልጥ ይጠነክራል፣ ቅባት ያለው ይመስላል፣ አይታሽም፣ አይነሣም። ፈረንሳዊው ሠዓሊ ዦርዥ ሰራ (Seurat) በሸካራ ወረቀት ላይ ያወጣቸው ብርሃን የሚተነፍሱ የሚመስሉ ጥቁር ሥዕሎች በኮንቴ የተሠሩ ናቸው። ያንን መልክ የሚፈልግ ሰው ከሰል ገዝቶ አያገኘውም።

ወረቀቱ ከሰሉን ይወስናል

ከሰል የሚይዘው የሚጨብጠው ሸካራ ነገር ሲያገኝ ነው። 80 ግራም የሆነው የቢሮ ወረቀት ለስላሳ ስለሆነ የቀንበጥ ከሰል ይረግፍበታል፤ የታመቀው ብቻ ይቀመጥበታል። ብዙዎች ጥራቱ የማይረባ መስሏቸው ከሰሉን ሲወቅሱ ጥፋቱ የወረቀቱ ነው።

ለልምምድ የጋዜጣ ወረቀት ርካሽና አመቺ ነው። ከእንጨት ፍጭ ስለሚሠራ ግን ፀሐይ ሲያገኘው በወራት ውስጥ ይቢጫል፤ የሚቀመጥ ሥራ አይሠራበትም። ቡናማ የካኪ ወረቀት ለነጭና ጥቁር ልምምድ ግሩም ነው፤ እሱም ዕድሜው አጭር ነው። ሊቀመጥ ለሚገባው ሥራ አንግር ተብሎ የሚሸጠው ደቃቅ ትይዩ መስመሮች ያሉት ወረቀት፣ ወይም 160 ግራም በካሬ ሜትር የሆነው ካንሶን የተባለው አምራች ሚ-ታንት ወረቀት ይሆናል። የሚ-ታንት አንዱ ገጽ እንደ ማር እንጀራ ዓይን የተቦረቦረ ነው፣ ሌላው ይለሰልሳል። ቡርቡሩ ፊት ላይ ሲመጣ የማይፈለግ ንድፍ ስለሚፈጥር ለፊት ገጽታ ለስላሳውን ወገን ይምረጡ። ብዙ ጊዜ እየተነሣና እየታሸ ለሚሠራ ሥዕል 300 ግራም የሆነ የውኃ ቀለም ወረቀት ከሁሉም ይታገሣል፤ ሲታሽ ክሩ አይነሣም።

ከሥር አንድ ጠንካራ ሰሌዳ ብቻ ማድረግ ስሕተት ነው። የእንጨቱ ጭረትና ጉድጓድ ሁሉ በከሰሉ ውስጥ ይታያል። ሦስት አራት ተጨማሪ ወረቀት ከሥር ይነጠፍ።

ማሻና ማንሻ

ጣት ያለማቋረጥ የሚያገለግል ቢሆንም ቅባት አለው። በቅባት የታሸ የቀንበጥ ከሰል አይነሣም፤ ብርሃን መውጣት ባለበት ቦታ ላይ ጣት አይድረስ። ከወረቀት የተጠቀለለው ማሻ ለጠባብ ቦታ ነው፤ ሰፊ ቦታ ላይ ሲደጋገም ዱቄቱን የወረቀቱ ጉድጓድ ውስጥ ይሞላውና ሥዕሉ ሙት፣ ፕላስቲክ መሳይ ይሆናል። ለሰፊው ለስላሳ የለፋ ቆዳ ወይም ያረጀ የጥጥ ጨርቅ ይበቃል።

ከላጲሶች መካከል የግድ መያዝ ያለበት ግራጫው፣ በእጅ የሚለወሰው ነው። ሳይታሽ በመጫን ብቻ ዱቄቱን ያነሣል፤ ጫፉን አሹለው የዓይን ብርሃን ነጥብ ያወጡበታል። ሲጠቁር እየለወሱ ንጹሑን ወገን ማውጣት ነው፤ ለውሰውት የማይነጣ ከሆነ ዕድሜው አብቅቷል። ጠንካራው የፕላስቲክ ላጲስ ጠርዝ ያለው ነጭ መስመር ለመቁረጥ ነው። ጎማ ሳይመጣ በፊት ሠዓሊዎች የሚጠቀሙበት የዳቦ ልብ ዛሬም ይሠራል፤ ቅቤ ወይም ዘይት የሌለበት፣ ያልደረቀ መሆን አለበት፤ ፍርፋሪው ወረቀቱ ላይ እንዳይቀር በደንብ ይራገፍ፤ ካልሆነ ነፍሳትን ይጠራል።

ንድፉን በተራ እርሳስ ጀምሮ በከሰል መጨረስ የሚመርጡ አሉ። አይመከርም። ግራፋይት ወረቀቱን አንሸራታች ያደርገዋል፤ ከሰል በላዩ አይጨብጥም፤ ሥራው ሲያልቅ እርሳሱ በብርሃን ያብለጨልጫል፣ ከሰሉ ግን ይፈዛል።

ማጽናት ወይስ መተው

ፊክሳቲቭ፣ ማለትም የሚረጨው ማጽኛ ፈሳሽ፣ ሥዕሉን ይጠብቃል፣ ይለውጠውማል። መካከለኛ ግራጫዎች ሁሉ ይጠቁራሉ፤ ነጩ ጠመኔ ግማሽ ድምቀቱን ያጣል። ስለዚህ ነጩ ፊክሳቲቩ ከተረጨ በኋላ ይጨመር። ሥዕሉን አቁመው ከ30 እስከ 40 ሴንቲ ሜትር ርቀት ላይ ሆነው፣ ከወረቀቱ ጠርዝ ውጭ መርጨት ጀምረው ሌላኛውን ጠርዝ አልፈው ያቁሙ። ሁለት ሦስት ስስ ዙር፣ በመካከል አሥር ደቂቃ እያደረቁ፣ ከአንድ ወፍራም ዙር ይሻላል፤ ወፍራሙ ነጠብጣብ ይተዋል፣ ዱቄቱን ያንሳፍፈዋል። ከቤት ውጭ ይረጩ፤ ነፋስ ባለበት ሰዓት ግን አይሁን።

በምትኩ የፀጉር ስፕሬይ መጠቀም የተለመደ ነው። ለልምምድ ወረቀት ችግር የለውም፤ ለሚሸጥ ወይም ለሚቀመጥ ሥራ ግን አይሆንም፤ ከጊዜ ጋር ይቢጫል።

ለየትኛው ምን ይገዛ? ከሰል ይዞ የማያውቅ ሰው አሥር ያህል መካከለኛ የአኻያ ቀንበጥ፣ አንድ የሚለወስ ላጲስ፣ አንድ ጨርቅና የጋዜጣ ወረቀት ይበቃዋል፤ እነዚህን ሳይጨርስ ሌላ አይግዛ። የትምህርት ቤት መግቢያ ፈተና የሚያዘጋጅ ተማሪ በዚህ ላይ አንድ 2ቢ የታመቀና ጥሩ ወረቀት ይጨምር፤ ጥላው በቀንበጥ ተሠርቶ ጥቁሩ ጥቂት ቦታ ሲገባ ልዩነቱ ከሩቅ ይታያል። ከፎቶ እየተነሣ የሰው ምስል በትእዛዝ የሚሠራ ሰው ሁለት የከሰል እርሳስ፣ ግራጫ ወረቀትና ነጭ ከሰል ይያዝ። የመንገድና የገበያ ንድፍ በማስታወሻ ደብተር ለሚሠራ ግን የቀንበጥ ከሰል አይመችም፤ ደብተሩ ሲዘጋ ገጾቹ ይተሻሻሉና ሥዕሉ ተቃራኒው ገጽ ላይ ይታተማል። እሱ ጠንከር ያለ የከሰል እርሳስ ይያዝ፤ በየገጹ መካከልም ስስ ለስላሳ ወረቀት ያስገባ።

ያለቀ ሥራ ግድግዳ ላይ ሲሰቀል መስታወቱ ወረቀቱን መንካት የለበትም፤ በወፍራም ካርቶን ፍሬም ወይም በጠርዙ በሚገባ ቀጭን እንጨት ቢያንስ 3 ሚሊ ሜትር ይለያዩ። በመስታወት ፋንታ ፕላስቲክ ማስገባት ክብደት ይቀንሳል፤ ነገር ግን በጨርቅ በተወለወለ ቁጥር ኤሌክትሪክ ይይዝና ያልጸናውን ዱቄት ከወረቀቱ እየሳበ ወደ ራሱ ያነሣል። ለከሰል መስታወት ይሁን።